ድምፅን ከዘፋኙ መለየት፦ የዘፈን ድምፅ ሶፍትዌር ከቀረጻ እንዴት ይሠራል?

(ይህ ጽሑፍ በፋኩልቲው የሕዝብ ንግግር መርሐ ግብር ላይ በቃል የቀረበ ነው። ለንባብ እንዲመች መጠነኛ እርማት ተደርጎበታል፤ የድምፅ ናሙና የተሰማባቸው ቦታዎች በቅንፍ ተመልክተዋል።)



የዛሬው ንግግሬ ርእሰ ጉዳይ የሰውን የዘፈን ድምፅ በኮምፒውተር መሥራት ነው። ከተለያዩ የትምህርት ክፍሎች የተሰባሰባችሁ ስለሆነ ቀመሩን በሰሌዳ ላይ አልዘረዝርም። ይልቁንም አንዲት ዘፋኝ ስቱዲዮ ገብታ ከወጣች በኋላ ድምፅዋ ያለ እርሷ እንዲዘፍን የሚያደርገውን ሥራ ከመነሻው ለማሳየት እሞክራለሁ። በዚህም መካከል የምሟገትለት አንድ ነጥብ አለኝ። በቀድሞው የአሠራር ዘዴ የዘፋኙ ፈቃድ የሕግ ጉዳይ ከመሆኑ አስቀድሞ የምሕንድስና ግዴታ ነበር፤ ዘፋኙ ራሱ ተቀምጦ ካልዘፈነ ሶፍትዌሩ ሊሠራ አይችልም ነበርና። በአዲሱ ዘዴ ያ ግዴታ ቀርቷል። በቦታው ምን ይተካ የሚለው ጥያቄ ደግሞ በሩቅ ላሉ ኩባንያዎች ብቻ የሚተው አይደለም። ዓመቶቹን ሁሉ ካልገለጽሁ በቀር የምጠቅሰው እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ነው።

ታሪኩን በአጭሩ ልለፈው። በ1961 በአሜሪካ፣ በቤል ቤተ ሙከራ፣ ጆን ኬሊና ካሮል ሎክባውም አንድን የአይቢኤም ኮምፒውተር «ዴይዚ ቤል» የተባለውን የቆየ ዘፈን አዘፈኑት፤ አጃቢውን ሙዚቃ ያሰናዳው ማክስ ማቲውስ ነበር። ያ ድምፅ ከማንም ሰው ጉሮሮ አልተቀዳም። ጉሮሮንና አፍን እንደ ቧንቧ ቈጥሮ፣ አየር በዚያ ቧንቧ ውስጥ እንዴት እንደሚያልፍ በማስላት የተገኘ ነው። በ1980ዎቹ መጀመሪያም በፓሪሱ ኢርካም ዣቪዬ ሮዴና ባልደረቦቹ «ሻንት» የተባለውን ፕሮግራም በዚሁ መንገድ፣ ማለትም በስሌት ብቻ፣ አዘፈኑት። የእነዚህ ሥራዎች ሁሉ የጋራ ጠባይ ድምፁ ባለቤት የሌለው መሆኑ ነው። ማንም አልዘፈነም፤ ስለዚህ ማንም ሊጠየቅ ወይም ሊከፈለው አይገባም ነበር። ጆሮ ግን አልተታለለም። ሰው የሰውን ድምፅ ለመለየት ያለው ችሎታ እጅግ ጥልቅ በመሆኑ በስሌት ብቻ የተሠራው ድምፅ ጥቂት ከሰማነው በኋላ ባዶነቱ ይታወቀናል።

ከሰው ቀረጻ መነሣት የተመረጠው በዚህ ምክንያት ነው። የጃፓኑ ያማሃ ኩባንያ በባርሴሎና ከሚገኘው የፖምፔው ፋብራ ዩኒቨርሲቲ የሙዚቃ ቴክኖሎጂ ቡድን ጋር አስቀድሞ ይሠራ የነበረው ለካራኦኬ የሚሆን ነገር ነበር፦ ለመዝናናት የሚዘፍነው ሰው ድምፁ የታዋቂ ዘፋኝ ሆኖ እንዲወጣለት። እንቅፋቱ ግልጽ ነው። ታዋቂው ዘፋኝ እያንዳንዱን ዘፈን አስቀድሞ ዘፍኖ መቀዳት ነበረበት። ስለዚህ ጥያቄው ተለወጠ፤ ዘፋኙ አንድ ጊዜ ብቻ ተቀድቶ፣ ያልዘፈነውን ዘፈን ሁሉ መዝፈን ይቻል እንደሆነ ተጠየቀ። ሥራው በ2000 ተጀመረ፤ የመጀመሪያ የምሥጢር ስሙም ለ1961ዱ ዘፈን መታሰቢያ «ዴይዚ» ነበር። በኋላ «ቮካሎይድ» ተባለ። የያማሃው ሂዴኪ ኬንሞቺና የባርሴሎናው ጆርዲ ቦናዳ በዚህ ሥራ ስማቸው ደጋግሞ ይነሣል። በ2003 ለሕዝብ ተዋወቀ፤ በ2004 መጀመሪያም ሊዮንና ሎላ የተባሉ ሁለት የእንግሊዝኛ ድምፆች ለገበያ ቀረቡ።

አሁን ወደ ስቱዲዮው እንግባ። ዘፋኟ ከማይክሮፎኑ ፊት ቆማለች። በፊቷ የተቀመጠው ወረቀት ግን የዘፈን ግጥም አይደለም። ትርጉም የሌላቸው የድምፅ ሰንሰለቶች ናቸው፤ «አባቡቢባ» እንደ ማለት ያሉ። እነዚህን በአንድ የዜማ ከፍታ፣ በአንድ ፍጥነት፣ በአንድ ዓይነት ጥንካሬ ትዘፍናቸዋለች። ስሜት እንድትጨምርበት አይፈለግም፤ እንዲያውም ይከለከላል። ከማይክሮፎኑ ያላት ርቀት አይለወጥም። ጠዋት የተቀዳው ከሰዓት በኋላ ከሚቀዳው ጋር ሊጋጠም ስለሚችል ድምፅዋ ከደከመ ሥራው ይቆማል። ዝርዝሩ ሲያልቅ ከፍ ባለና ዝቅ ባለ ዜማ እንደገና ትጀምራለች። በዘፋኝነት ሕይወቷ ይህን ያህል ሙዚቃ የሌለበት መዝፈን የምትዘፍን አይመስለኝም።

ይህ ለምን እንዳስፈለገ ለመረዳት እኛ የግእዝ ፊደል ተጠቃሚዎች አንድ መሰናክል አለብን። ፊደላችን ክፍለ ቃልን የሚወክል ነው፤ «ባ» ስንል ተነባቢውም አናባቢውም አብሮ አለ። ስለዚህ ተማሪዎቼ አዘውትረው የሚያቀርቡት ሐሳብ «የፊደል ገበታውን ከሀ እስከ ፐ አዘፍነን ብንቀዳ አማርኛ ሁሉ አይዘፈንም ወይ?» የሚል ነው። እስቲ እናድምጠው። የምትሰሙት ድምፅ የእኔ ነው፤ ዘፋኝ አለመሆኔን ትታገሡኛላችሁ።

[የድምፅ ናሙና ተሰማ፦ ለየብቻ የተቀዱ «ሰ»፣ «ላ»፣ «ም» ተቀጣጥለው።]

«ሰላም» መሆኑ ይታወቃል፤ ነገር ግን ማንም ሰው እንዲህ አይልም። ሦስቱ ፊደላት ሳይጎድሉ ጆሯችን የሚሰብረው ነገር በመካከላቸው ያለው ነው። «ሰላ» ስንል ምላሳችን ከ«ሰ» ተነሥቶ ወደ «ላ» ይጓዛል፤ አናባቢው ገና ሳያልቅ ቀጣዩን ተነባቢ መምሰል ይጀምራል። የሰውን ድምፅ የሰው የሚያደርገው ይህ ጉዞ ነው። ስለዚህ መሐንዲሶቹ የሚሰበስቡት ድምፆቹን ሳይሆን መሸጋገሪያዎቹን ነው፤ ከአንዱ ድምፅ መካከል እስከ ቀጣዩ ድምፅ መካከል ያለውን ቁራጭ። በሙያው ቋንቋ ዳይፎን ይባላል። ቁርጡ የሚያርፈው ድምፁ ረጋ በሚልበት በአናባቢው መካከል ሲሆን፣ ልብስ ሰፊ ስፌቱን ጥለት በሌለበት ቦታ እንደሚደብቅ ማለት ነው። ለረጅም ኖታዎች ደግሞ አናባቢዎቹ ብቻቸውን ተረዝመው ይቀዳሉ።

ስንት መሸጋገሪያ ያስፈልጋል? የቮካሎይድ መሐንዲሶች በ2007 ባወጡት ጽሑፍ ለአንድ የዜማ ከፍታ ጃፓንኛ 500 ያህል፣ እንግሊዝኛ 2,500 ያህል እንደሚያስፈልጉት ገልጸዋል። ልዩነቱ ከቋንቋዎቹ ባሕርይ የመጣ ነው። ጃፓንኛ አምስት አናባቢ ብቻ ያለው ሲሆን ክፍለ ቃሎቹም በአብዛኛው በአናባቢ ያበቃሉ። የጃፓንኛ ድምፆች በብዛትና በፍጥነት የተሠሩበት አንዱ ምክንያት፣ በእኔ ግምት፣ ይህ የቋንቋው ቸርነት ነው።

ለአማርኛስ? እዚሁ እናስላው። 7 አናባቢና 30 ያህል ተነባቢ እንውሰድ። ከተነባቢ ወደ አናባቢ 210፣ ከአናባቢ ወደ ተነባቢ 210፣ ከአናባቢ ወደ አናባቢ ቢበዛ 49፣ ከተነባቢ ወደ ተነባቢ ቢበዛ 900። ከዝምታ ወደ ድምፅና ከድምፅ ወደ ዝምታ ያለውን 74 ስንጨምር ከ1,440 ጥቂት ከፍ ይላል። በሦስት የዜማ ከፍታ ከተቀዳ ከ4,300 ይበልጣል። በእርግጥ ከ900ዎቹ የተነባቢ ጥንዶች ብዙዎቹ በቋንቋው ስለማይገኙ የሚቀዳው ያነሰ ይሆናል። ከ900ዎቹ ውስጥ ግን 30ዎቹን ልብ በሉልኝ። ተነባቢው ከራሱ ጋር የሚገናኝባቸው፣ ማለትም የሚጠብቅባቸው ናቸው። እንደምታውቁት ጽሕፈታችን መጥበቅንና መላላትን አያሳይም። «አለ» ላልቶ የተናገረ ሰው ነው፤ ጠብቆ መኖር ነው። ዘፋኝ ግጥሙን ስለሚረዳ ያለ ምልክት ለይቶ ይዘፍነዋል፤ ሶፍትዌሩ ግን ከዘፈኑ በፊት ሰዋስው የሚያውቅ ሌላ ፕሮግራም ያስፈልገዋል።

መጥበቅ በዘፈን ውስጥ ሌላም ነገር ያስከትላል፤ እኔን በግሌ ከሁሉ የሚማርከኝም ይህ ነው። ዘፋኝ ምት ላይ የሚያሳርፈው የትኛውን ድምፅ ነው? «ላ» የሚለው ቃል በምቱ ላይ ቢውል በምቱ ቅጽበት የሚሰማው «አ» ነው እንጂ «ል» አይደለም። ተነባቢው ከምቱ አስቀድሞ ይጀምራል። ስለዚህ ሶፍትዌሩ ለተነባቢው የሚሆነውን ጊዜ ካለፈው ኖታ ይወስዳል፤ ይህን ለማድረግ ደግሞ ቀጣዩ ቃል ምን እንደሆነ አስቀድሞ ማወቅ አለበት። እንደ ፒያኖ ቁልፉን በተጫኑት ቅጽበት እንዲዘፍን ማድረግ አስቸጋሪ የሆነውም በዚህ ምክንያት ነው። ተነባቢው ሲጠብቅ የሚወሰደው ጊዜ ይጨምራል። ያለፈው አናባቢ ከሚገባው በላይ ያጥራል፤ የዜማው አቅጣጫም እዚያ ቦታ ላይ ይቆረጣል። ፈጣን ዘፈን ውስጥ ሁለት የጠበቁ ተነባቢዎች ተከታትለው ሲመጡ የሚዘፈን ነገር እየጠፋ ይሄዳል። ዘፋኞቻችን ይህን እንዴት እንደሚያስታርቁት፣ የቱን አላልተው የቱን እንደሚጠብቁት፣ በቅጡ ሊለካ የሚገባው ጉዳይ ነው፤ ለሁለተኛ ዲግሪ ማሟያ ርእስ የምትፈልጉ ተማሪዎች እዚህ ላይ ጆሯችሁን እንድትሰጡኝ እለምናለሁ። እንደ «ጠ»፣ «ቀ» እና «ጨ» ያሉት ፈንድተው የሚወጡ ድምፆች ደግሞ ዜማ አይሸከሙም። ቢያስረዝሟቸው መንተባተብ ይሆናሉ፤ ስለዚህ በዙሪያቸው ያለው አናባቢ ብቻ ይለጠጣል።

ቀረጻው ካለቀ በኋላ ዘፋኟ ወደ ቤቷ ትሄዳለች፤ ረጅሙ ሥራ የሚጀምረው ያን ጊዜ ነው። እያንዳንዱ ድምፅ የት ጀምሮ የት እንደሚያበቃ ምልክት ይደረግበታል። ኮምፒውተር የመጀመሪያውን ግምት ይሰጣል፤ ሰው እየሰማ ያርመዋል። ማንም የማያደንቀው፣ ግን ሁሉም ነገር የተመሠረተበት ሥራ ነው። የምልክቱ መዛነፍ በመቶኛ ሰከንድ የሚቆጠር ቢሆን እንኳ በኋላ በየዘፈኑ እንደ ጠጠር ይንኮሻኮሻል።

ቀጥሎ ትንታኔው ይመጣል። ስዊድናዊው ጉናር ፋንት በ1960 ባሳተመው መጽሐፍ በሰፊው እንዳስተማረን ድምፃችን የሁለት ነገሮች ውጤት ነው። በማንቁርት ያሉት የድምፅ አውታሮች ይርገበገባሉ፤ በሰከንድ 220 ጊዜ ቢርገበገቡ የዜማው ከፍታ 220 ኸርዝ ይሆናል። ይህ ጥሬ ድምፅ በጉሮሮ፣ በአፍና በአፍንጫ ክፍተት ሲያልፍ አንዳንዱ ወገኑ ይጎላል፣ አንዳንዱ ይደበዝዛል። «አ»ን ከ«ኢ» የምንለየው፣ የእናታችንንም ድምፅ በስልክ የምናውቀው በዚህ መጉላትና መደብዘዝ ነው። ካሴት በፍጥነት ሲዞር ድምፁ የሕፃን የሚመስለው ዜማው ስለወጣ ብቻ አይደለም፤ የአፍ ክፍተቱም አብሮ ያነሰ ስለሚመስል ነው። ሶፍትዌሩ የሚያደርገው ሁለቱን መለየት ነው። ዜማውን ያነሣል ወይም ያወርዳል፤ የክፍተቱን ቅርጽ ግን እንደነበረ ይተወዋል። ከዚያም ቁራጮቹን አጋጥሞ፣ በመጋጠሚያው ላይ የአንዱ የድምፅ ቀለም ወደ ሌላው በዝግታ እንዲያልፍ ያደርጋል።

[የድምፅ ናሙና ተሰማ፦ ተመሳሳይ ቃል፣ አንድ ጊዜ ቀረጻውን በማፍጠን፣ አንድ ጊዜ ዜማውን ብቻ በማንሣት።]

ለመለየት የማይቻልም አለ። የድምፅ ጥንካሬ እንደ ራዲዮ ድምፅ ዝቅና ከፍ የሚደረግ ይመስላል፤ አይደለም። በለሆሳስ የሚዘፍን ሰው የድምፅ ቀለሙ ራሱ የተለየ ነው። በ2007 ሳፖሮ የሚገኘው ክሪፕተን ፊውቸር ሚዲያ ከድምፅ ተዋናይቷ ሳኪ ፉጂታ ቀረጻ «ሃትሱኔ ሚኩ» የተባለችውን ድምፅ አወጣ። በ2010 ለስላሳ፣ ጨለም ያለና ደማቅ የመሳሰሉ የድምፅ ጠባዮችን ለመጨመር ሲፈለግ ፉጂታ እንደገና ስቱዲዮ መግባት ነበረባት። ከአንዱ ቀረጻ ሌላውን በስሌት ማውጣት አጥጋቢ አልሆነም።

ስለ ሚኩ ጥቂት ልቆይ። ዛሬ በብርሃን ምስል ተሠርታ በመድረክ ላይ ትዘፍናለች፤ ስሟ በጃፓንኛ የመጀመሪያ ድምፅንና መጪውን ጊዜ የሚያመለክት ነው። ኩባንያው ከዘፋኝ ይልቅ የድምፅ ተዋናይት የመረጠው ታዋቂ ዘፋኞች የራሳቸውን ቅጂ የመሥራቱን ሐሳብ ስለሸሹት ጭምር ነው። ሽሽታቸውን ልብ እንበል፤ መሸሽ ይችሉ ነበር። «አልፈልግም» ያለ ዘፋኝ ድምፅ ምንም ዓይነት ጥበብ ቢኖር ሊወሰድ አይችልም ነበር። ሊወሰድ የሚችለውም የተወሰነ ነበር። በስቱዲዮው የቀረው ድምፅ ስሜት አልነበረበትም፤ የት ማዘግየት፣ የት ማርገብገብ፣ የት ትንፋሽ መስጠት እንዳለበት የሚወስነው ሶፍትዌሩን ገዝቶ በኮምፒውተሩ ፊት የተቀመጠው የዜማ ደራሲ ነው። እነዚያ ሺህ በሺህ የሆኑት የሚኩ ዘፈኖች የፉጂታ አዘፋፈን ናቸው የሚል የለም። የድምፅዋ ቀለም ከእርሷ መጣ፤ መዝፈኑ ግን የሌላ ሰው ነበር። ይህ ክፍፍል ሁሉም የተረዳው ስለነበር እንደ ሐቀኛ ስምምነት እቆጥረዋለሁ።

አዲሱ ዘዴ ይህን ክፍፍል አፈረሰው። በ2009 ከጃፓኑ የናጎያ የቴክኖሎጂ ተቋም የወጣው «ሲንሲ» ቁራጮችን ከመቀጣጠል ይልቅ የድምፁን ጠባይ በስታቲስቲክስ ከዘፈኖች ይማር ነበር። በ2017 መርለይን ብላውና ቀደም ብዬ የጠቀስኩት ጆርዲ ቦናዳ ይህንኑ በኒውራል ኔትወርክ ሠሩት። አሠራሩን በአጭሩ ላስቀምጠው። ለማሽኑ የዘፈን ቀረጻዎች ከኖታቸውና ከቃላቸው ጋር ይሰጡታል። ማሽኑ «ይህ ቃል፣ በዚህ ኖታ፣ ከዚህና ከዚያ መካከል ሲመጣ ድምፁ ምን ይመስላል?» የሚለውን ደጋግሞ እየገመተ፣ ከእውነተኛው ቀረጻ ጋር እየተነጻጸረ ይታረማል። በመጨረሻ አዲስ ኖታና ግጥም ሲሰጠው ያንን የድምፅ መልክ ይተነብያል፤ ሌላ ኔትወርክ ደግሞ ትንቢቱን ወደሚሰማ ድምፅ ይለውጠዋል። መጋጠሚያ የለም፤ ስለዚህ ስፌት አይታይም።

የሚያስፈልገው ቀረጻ ግን ትርጉም የለሽ ሰንሰለት መሆኑ ቀርቷል። እውነተኛ ዘፈን ነው፤ ከነስሜቱ። ማሽኑ የድምፅ ቀለሙን ብቻ ሳይሆን ዘፋኙ ምቱን በምን ያህል እንደሚዘገይ፣ ከኖታ ወደ ኖታ እንዴት እንደሚንሸራተት፣ የኖታ መጨረሻ ላይ እንዴት እንደሚያርገበግብ አብሮ ይማራል። ከቅኝታችን አንጻር ይህ ትልቅ ጥቅም አለው፤ አልክደውም። የቀድሞው ሶፍትዌር ገበታ የአንድን ስምንዮሽ ርቀት በ12 እኩል የሚከፍል ሲሆን፣ በባቲ ወይም በአንቺሆዬ ውስጥ አንድ አናባቢ ላይ የሚደረገውን የድምፅ ማመላለስ በእጅ መስመር እየሳሉ ማስመሰል ያስፈልግ ነበር። ያም ሆኖ ጉሮሮ ላይ የምትያዘዋን ቅጽበት መስመር አይሰጥም፤ አንድ ከፍታ ላይ ጸንቶ በተቀዳ ድምፅ ውስጥ የለችምና። አዲሱ ዘዴ እርሷንም ይማራል። ይህ ማለት ግን ዘፋኙ በዕድሜ ልክ የገነባው ጠባይ ከድምፅ ቀለሙ ጋር ተጠቅልሎ ይወሰዳል ማለት ነው።

ሁለተኛው ለውጥ የቀረጻው መጠን ነው። በብዙ ዘፋኞች ድምፅ አስቀድሞ የተማረ ማሽን አዲስ ድምፅ ለመልመድ ጥቂት ደቂቃዎች ሊበቁት ይችላሉ። ዘፈንን ከአጃቢ ሙዚቃው የሚለዩ ፕሮግራሞችም አሉ። ሁለቱ ሲጣመሩ ዘፋኙ መቀመጥ አያስፈልገውም። መኖርም አያስፈልገውም።

በ1989 የሞተችው ታላቋ የጃፓን ዘፋኝ ሚሶራ ሂባሪ በ2019 አዲስ ዘፈን «ዘፈነች»። የጃፓን ብሔራዊ ስርጭት ድርጅት ኤንኤችኬና ያማሃ ከቀድሞ ቅጂዎቿ ድምፅዋን ሠርተው፣ በያሱሺ አኪሞቶ የተጻፈውን «አሬካራ» የተባለ ዘፈን አዘፈኗት። በዓመቱ ማብቂያ ዋዜማም በታላቁ የዘፈን ዝግጅት ላይ ቀረበ። ያለቀሱ አድናቂዎች ነበሩ። ሙዚቀኛው ታትሱሮ ያማሺታ ደግሞ ለሟች የማይገባ ድፍረት አድርጎ አውግዞታል። እኔ ከዘፈኑ ይልቅ የሚከብደኝ በመካከሉ የገባው ንግግር ነው። በድምፅዋ፣ ለአድማጮቿ፣ በሕይወት ሳለች ያልተናገረችው ቃል ተነገረ። ዘፋኝ የሌላ ሰው ግጥም መዝፈኗ የሙያው ወግ ነው። «ናፍቃችሁኛል» ዓይነት ቃል ሲሆን ግን ግጥም ሳይሆን ምስክርነት ይሆናል፤ ምስክሯም የለችም።

ሌላው ምሳሌ ወደ እኛ ይቀርባል። በኤፕሪል 2023 ማንነቱ ያልታወቀ ሰው «ሃርት ኦን ማይ ስሊቭ» የተባለ ዘፈን በኢንተርኔት ለቀቀ። የተሰሙት የድሬክና የ«ዘ ዊክንድ» ድምፆች ሲሆኑ ሁለቱም አልዘፈኑም ነበር። «ዘ ዊክንድ»፣ ብዙዎቻችሁ እንደምታውቁት፣ ከኢትዮጵያውያን ወላጆች በቶሮንቶ የተወለደው አቤል ተስፋዬ ነው። በዚህ ዓይነቱ ሥራ አንድ ሰው ራሱ ይዘፍናል፤ ማሽኑ የድምፁን ቀለም በታዋቂው ይለውጥለታል። ያ የካራኦኬ ሕልም ሙሉ በሙሉ ደረሰ ማለት ነው፤ ታዋቂው ዘፋኝ ብቻ ከስቱዲዮውም ከስምምነቱም ወጥቷል። ዘፈኑ በዩኒቨርሳል ሚውዚክ አቤቱታ ከየመድረኩ ተነሣ። ሆኖም የቅጂ መብት ሕግ የተሠራው ለግጥም፣ ለዜማና ለቀረጻ ነው። ግጥሙ አዲስ፣ ዜማው አዲስ፣ ቀረጻውም አዲስ ሲሆን የተወሰደው ነገር ስሙ ምንድን ነው? የአሜሪካዋ ቴኔሲ ግዛት በ2024 ድምፅን ራሱን የሚጠብቅ ሕግ ያወጣችው ለዚህ ነው።

የሕግ ትምህርት ክፍል ባልደረቦቼ ከእኔ በተሻለ ይተነትኑታል እንጂ በእኛም ሕግ ክፍተቱ ይታያል። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 የከዋኙን መብት የሚያያይዘው ከተከወነው ክዋኔ ጋር ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጋችን አንቀጽ 27 የሰው ፎቶግራፍ ወይም ምስል ያለ ፈቃዱ እንዳይባዛ ይከለክላል። በ1952 ዓ.ም. ሕጉ ሲታወጅ ፎቶግራፍ ከባለቤቱ ተለይቶ የሚዞር ነገር ነበር፤ ድምፅ እንዲህ ይሆናል ብሎ ማን ያስብ ነበር?

ይህን ሁሉ የምለው ጥያቄው በራችን ላይ ስላለ ነው። ከ1997 ጀምሮ በፈረንሳይ እንደገና የታተመው «ኢትዮፒክስ» የተባለው ተከታታይ አልበም ብቻ ለዚህ ሥራ የሚሆን ብዙ ድምፅ በውስጡ ይዟል፤ ከዘፋኞቹም በርካቶቹ በሕይወት የሉም። የአንድን አንጋፋ ድምፅ እንደገና የማዘፈን ሐሳብ ለተማሪ ምን ያህል አጓጊ እንደሆነ ይገባኛል። ቢቀርብልኝ ግን አላማክረውም። የመጀመሪያው ምክንያቴን ሰምታችኋል፤ ሁለተኛው የሙያ ነው። በአሮጌ ዘፈኖች ውስጥ የሚገኙት መሸጋገሪያዎች በአጋጣሚ ግጥሙ ውስጥ የገቡት ብቻ ናቸው። «ትዝታ» ደጋግሞ ይመጣል፤ «ጰ» ላይመጣ ይችላል። የጠበቀውና የላላው ምልክት አልተደረገበትም። ማሽኑ የጎደለውን ከራሱ ሲሞላ እኛ አማርኛን ሳይሆን የማሽኑን ግምት እናጠናለን። ቅድም ያሰላነው ዝርዝር ዛሬም ጥቅም አለው። የኒውራል ኔትወርክ ዘመን ቢሆንም፣ በሕይወት ያለ ዘፋኝ ፊት ለፊት ተቀምጦ፣ መሸጋገሪያዎቹን ሁሉ እንዲሸፍኑ ሆነው የተጻፉ ግጥሞችን ቢዘፍንልን የተሻለ የምርምር መሣሪያ እናገኛለን።

ለዚህ ቀረጻ የምናዘጋጀው የፈቃድ ቅጽ ከተለመደው የአንድ መስመር ፊርማ ሊለይ ይገባል። ድምፁ የማይዘፍነው ነገር ምን እንደሆነ ዘፋኙ በራሱ ቃል ይጻፍ፤ የፖለቲካ መዝሙር፣ ማስታወቂያ፣ መንፈሳዊ ዝማሬ ሊሆን ይችላል። ድምፁ ይዘፍናል ወይስ ይናገራልም የሚለው ለብቻው ይጠየቅ። ዘፋኙ ሐሳቡን ቢለውጥ ቀረጻውን ማጥፋት እንደማይበቃ፣ ከቀረጻው የተማረው ማሽንም መጥፋት እንዳለበት አስቀድሞ ይነገረው፤ እኛም ያንን ለማድረግ እንድንችል የትኛው ማሽን ከየትኛው ቀረጻ እንደተማረ መዝግበን እንያዝ። ክፍያው በሰዓት ይሁን ወይስ በአገልግሎት ይወሰን። ከሞት በኋላ ማን እንደሚወስን ስሙ ይጻፍ። ቅጹን ከሕግና ከሙዚቃ ትምህርት ክፍሎች ጋር ሆነን ብናረቅቀው ደስ ይለኛል፤ የመጀመሪያው ረቂቅ በቢሮዬ አለ፣ ማንበብ የሚፈልግ ይውሰድ።

አሁን ጥያቄዎቻችሁን እቀበላለሁ። ከኋላ ረድፍ እጃቸውን ቀድመው ያነሡ ነበሩ፤ ከእነርሱ እንጀምር።